የጥንዚዛ ሥራ

ሐምራዊት በተቀበረች በሦስተኛው ሳምንት የቤተ ክርስቲያኑ ኢንሹራንስ ሰው ለባሏ ለፍቅሬ ደወለ። ፍቅሬ ለመጋዘን ሥራው የሚበቃ እንግሊዝኛ አለው፤ ፎርክሊፍት ሲነዳም ሆነ ከሱፐርቫይዘሩ ጋር ሲነጋገር አይቸገርም። የዚህን ሰው ንግግር ግን መሐል ላይ ስቶ፣ ስልኩን ስፒከር ላይ አድርጎ ለልጁ ለማራናታ ሰጣት። ማራናታ አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ሰውዬውን እስከ መጨረሻው አዳመጠችው፣ አመስግናው ዘጋች።

«ምን አለ?» አላት።

«ቸርቹ ጥፋት የለበትም አለ። ዛፉ የወደቀው… አክት ኦፍ ጎድ ነው ይላል።»

«ምን ማለት ነው እሱ?»

«የእግዚአብሔር ሥራ።»

«ማን ነው ያለው? ፓስተሩ?»

«ኖ፣ ዳዲ። ኢንሹራንሱ። ማንም የማይጠየቅበት አደጋ ሲሆን እንደዚያ ነው የሚሉት።»

ፍቅሬ ከለቅሶው ቀን ጀምሮ ይህንኑ ሲሰማ ነው የከረመው። ኮሎምበስ ውስጥ ኖርዝላንድ በሚባለው ሠፈር፣ ከሞርስ ሮድ ገባ ብሎ ባለው አፓርትመንታቸው ውስጥ የሐምራዊት የቤተ ክርስቲያን ሰዎች ተራ በተራ እየገቡ «ጌታ ወዷት ነው»፣ «እሱ የሠራውን ማን ይጠይቃል» ሲሉት ራሱን እየነቀነቀ ተቀብሏል። ለቅሶ የመጣ ሰው አፉ ያመጣለትን እንደሚናገር ያውቃል። አሁን ግን ሚስቱን በዓይኑ አይቶ የማያውቅ፣ ስሟን አስተካክሎ ለመጥራት ሦስት ጊዜ የሞከረ ሰው፣ ከየትኛው ስቴት እንደሆነ እንጃ፣ ያንኑ ቃል ከወረቀት ላይ አነበበለት። የዚያን ቀን ሥራ አልገባም።

ፍቅሬና ሐምራዊት ዲቪ ደርሷቸው ኮሎምበስ ሲመጡ ማራናታ አንደኛ ክፍል ለመግባት የደረሰች ልጅ ነበረች። እሷ ጴንጤ፣ እሱ ኦርቶዶክስ ነበሩ። በዚህ የተነሣ አዲስ አበባ እያሉ ሁለቱም ቤተሰብ ጋር ብዙ ጣጣ አልፏል፤ እዚህ ከመጡ በኋላ ግን የሚጠይቃቸው ሰው ስላልነበረ ነገሩ ራሱ በራሱ መልክ ያዘ። እሑድ እሑድ ፍቅሬ ሚስቱንና ልጁን አምጥቶ ያወርድና አምልኮው እስኪያልቅ መኪናው ውስጥ ይጠብቃል። ወንበሩን ወደ ኋላ ዘርግቶ ዜና ይሰማል፣ ይተኛል፣ ከአገር ቤት ጋር ይደዋወላል። ሐምራዊት ኳየር ውስጥ ነበረች፤ ልጅቱም አደግ ስትል ገባች። እሱ ግን አንድም ቀን በሩን አልፎ አያውቅም። ሰዎቹም ለምደውት ሲያልፉ በመስኮቱ በኩል ሰላም ይሉታል።

መኪናውን የሚያቆመው ከግቢው ጀርባ፣ አጥሩ ጋ ነው። እዚያ ረጃጅም ዛፎች በመስመር ቆመዋል፤ ሌላ ሰው ስለማያቆምበት ጸጥ ያለ ቦታ ነው። በዚያ የጁን እሑድ ማራናታ ቀድማ ገብታ ነበር። ሐምራዊት ወርዳ ጥቂት ሄደችና ተመለሰች፤ መስኮቱን አንኳኳች።

«መነጽሬን ረስቼ። ከኋላ ወንበር ላይ ይመስለኛል፣ እስቲ አቀብለኝ።»

ፍቅሬ ወደ ኋላ ዞሮ ጎንበስ አለ። መነጽሩ ከወንበሩ ሥር ገብቶ ነበርና ትንሽ ቆየ። ነፋስ አልነበረም። እንደ ተኩስ ያለ ድምፅ ሰማ፤ መኪናው ተናወጠ። ቀና ሲል መስኮቱ ጋ የነበረችው ሐምራዊት አልነበረችም።

አምቡላንሱ ቶሎ ነው የደረሰው። ቢሆንም ምንም ሊያደርጉላት አልቻሉም።

ኢንሹራንሱ የደወለ ዕለት ፍቅሬ ከዚያ ቀን ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ግቢው ሄደ። የወደቀውን ግንድ ሰዎች ቆራርጠው አጥሩ ሥር ከምረውታል። ጉቶው እንደ ተሰበረ ጥርስ ሾሎ ቆሟል። ምን እንደሚፈልግ ሳያውቅ ከተከመረው እንጨት አንዱን ቅርፊት ይዞ ሳበው፤ ቅርፊቱ እንደ እርጥብ ካርቶን ያለ ምንም ትግል ተላቀቀ። ከሥሩ እንጨቱ በሙሉ ተጭሯል። እባብ አሸዋ ላይ እንደሄደበት የተጠማዘዘ፣ በደቃቅ ዱቄት የተሞላ መንገድ፣ አንዱ በአንዱ ላይ እየተደረበ ከላይ እስከ ታች ሞልቶታል። የቅርፊቱ ውጭ ደግሞ በትናንሽ ቀዳዳዎች ተበሳስቷል፤ ቀዳዳዎቹ በአንድ በኩል ክብ፣ በሌላው በኩል ቀጥ ያሉ ናቸው፤ ልክ እንደ እንግሊዝኛው ዲ ፊደል።

ያንን ቅርፊት መኪናው ላይ ጭኖ ወደ ቤት ወሰደውና በረንዳ ላይ አስቀመጠው።

ማታ ስልኩ ላይ ፈለገ። ዛፉ አሽ እንደሚባል፣ እንደዚህ የሚቦረቡረው እንደ ተወለወለ ብረት የሚያብረቀርቅ አረንጓዴ ጥንዚዛ እንደሆነ አገኘ። ከእስያ በዕቃ ማሸጊያ እንጨት ውስጥ ተደብቆ የመጣ፣ ኦሃዮ ከገባ ከሃያ ዓመት በላይ የሆነው፣ በሚሊዮን የሚቆጠር ዛፍ የፈጀ። ፍቅሬ ሥዕሉን በጣቱ እያሰፋ ብዙ አየው። ሚስቱን የገደለ ነገር መልክ አገኘለት።

ከዚያ ያለው ጊዜ ለማራናታ የከበደ ጊዜ ነበር። አባቷ ከሥራ ሲወጣ ወደ ቤት መምጣቱን ትቶ ሻሮን ውድስ ፓርክ ይሄዳል። በጫካው መንገድ ላይ፣ ፀሐይ ባረፈችበት ቦታ፣ አረንጓዴ የሚያብረቀርቁ ጥንዚዛዎች ይሯሯጣሉ። ሲጠጓቸው ብር ብለው ትንሽ ራቅ ብለው ያርፋሉ። ፍቅሬ በኮፍያው እያፈነ ይይዛቸዋል፤ አንዳንዱን በጫማው ይጨፈልቀዋል፣ አንዳንዱን የሐምራዊት የደም ግፊት መድኃኒት በነበረበት ጠርሙስ ይከታል። የሚያልፉ ሰዎች ውሻቸውን ወደ ራሳቸው ሳብ አድርገው ይርቁታል። አንድ ቀን ማራናታ ወጥ ቤት ጠረጴዛው ላይ ጠርሙሱን አገኘችው።

«ዳዲ፣ ዊ ኒድ ቱ ቶክ አባውት ዚስ።»

«በአማርኛ ተናገሪ።»

«ይሄ ነገር ጥሩ አይደለም። ሰው ማናገር አለብህ። ዶክተር።»

«ዶክተር ምን ይለኛል? እግዚአብሔር ነው ይለኛል? እኔ የሠራውን ይዤዋለሁ፣ ይኸው እዚህ ነው።» ጠርሙሱን አነቃነቀው። «ይህን ይዤ ሄጄ ይህ ነው እንጂ እሱ አይደለም እላቸዋለሁ።»

ልጅቱ አለቀሰች። እናቷ ከሞተች ወዲህ አባቷ አንድ ጊዜ እንኳ ሲያለቅስ አላየችውም፤ ከሁሉ የሚያስፈራት ደግሞ ያ ነበር። በማግስቱ ሰው የማያውቀውን ነፍሳት ወይም የታመመ ተክል ይዞ ሄዶ በነጻ የሚያስመረምርበት የካውንቲ ቢሮ እንዳለ ከኢንተርኔት አገኘች። ባለሙያ ያናግረው፣ ልቡ ይረፍ፣ ከዚያ ይተወዋል ብላ ይዛው ሄደች።

ጠረጴዛው ላይ የተቀመጠችው ዳያን የምትባል ፀጉሯ የነጣ ሴትዮ ናት፤ ጡረታ ከወጣች በኋላ በፈቃደኝነት የምትሠራ። ፍቅሬ ጠርሙሱንና ቅርፊቱን አስቀመጠላት። ማራናታ እየተረጎመች ነገሩን በአጭሩ ነገረቻት፤ ስለ እናቷ ግን አልነገረቻትም።

ዳያን ጠርሙሱን ነጭ ወረቀት ላይ ገለበጠችው። ጥንዚዛዎቹን በመርፌ ጫፍ አንድ በአንድ ለየቻቸው። ከዚያ ማጉያ መነጽሯን አወረደች።

«ከነዚህ ውስጥ የአሽ ቦርቧሪው አንድም የለም» አለች።

ማራናታ ተረጎመች። ፍቅሬ «እንዴት?» አለ።

ሴትዮዋ በትዕግሥት አሳየችው። እግራቸውን ተመልከት፣ ረጅም ነው፤ ለሩጫ ነው። ጀርባቸው ጠርዝ ላይ ነጫጭ ነጠብጣብ አለ። አፋቸው ላይ ያለውን መንጋጋ እይ። ይህ እንጨት የሚነካ አይደለም፤ ሌሎች ነፍሳትን እያደነ የሚበላ ነው፤ ታይገር ቢትል ይባላል። ሰው ሁሉ ነው የሚሳሳተው፤ በሰመር ከሚመጡልኝ ግማሾቹ ይህን ነው ይዘው የሚመጡት። ከመሳቢያ ውስጥ በመርፌ የተሰኩ ጥንዚዛዎች ያሉበት ሣጥን አወጣች። እንጨት ቦርቧሪዎቹ ጠባብ ናቸው፣ ከትከሻ ወደ ጭራ እየቀጠኑ የሚሄዱ፣ እንደ ጥይት። ይኸኛው የነሐስ ቀለም ያለው በርች ዛፍ ላይ ነው፣ ባለ መስመሩ ኦክ ላይ፤ ሁሉም የየራሱ ዛፍ አለው። የአሹ ይኸውልህ። የአንዱን የክንፍ ሽፋን በመርፌ ቀስ አድርጋ አነሣችው፤ ከሥሩ ጀርባው እንደ ጋለ መዳብ ቀልቷል። ይህን ካላየህ እሱ ነው እንዳትል አለችው።

ጥንዚዛው ከአንድ ጥፍር አይበልጥም። ፍቅሬ አንዴ እሱን፣ አንዴ ወረቀቱ ላይ የተበተኑትን አየ።

«እነዚህ ምንም አላደረጉም ማለት ነው» አለ።

ማራናታ ይህን አልተረጎመችም። ዳያን ቅርፊቱን አንሥታ በአውራ ጣቷ ዳሰሰችው።

«ይህ ግን የእሱ ሥራ ነው» አለች። «አሮጌ ነው እንጂ። የቀዳዳዎቹን ጠርዝ ተመልከት፤ ዝናብና ውርጭ በልቶታል። እዚህ ጋ ግንደ ቆርቁር ወፍ እጮቹን ፈልጎ ሲቆፍር የነበረበት ነው፤ እሱም ደርቋል። ፈንገስም ይዞታል። ይህ ዛፍ ከሞተ አራት ዓመት፣ አምስት ዓመት ይሆነዋል።»

«ጥንዚዛውስ?»

«ሄዷል። የሚኖረው በሕይወት ባለ ዛፍ ላይ ነው። ዛፉ ሲሞት የሚበላው ስለሌለ ይሄዳል።»

ፍቅሬ ልጁ ተርጉማ እስክትጨርስ አልጠበቀም። በራሱ እንግሊዝኛ «ታዲያ ማን ጣለው?» አላት።

«ማንም። አሽ ከሞተ በኋላ ይደርቃል፣ እንደ ብስኩት ይሆናል። ነፋስ በሌለበት ቀን ዝም ብሎ ይሰበራል። ዛፍ የሚቆርጡ ሰዎች እንኳ አይወጡበትም፤ በማሽን ነው የሚደርሱት።»

«መሞቱን ማወቅ ይቻል ነበር?»

ዳያን መጀመሪያ ማራናታን አየቻት። የሆነ ነገር የገባት መሰለ። ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «በጁን ወር ቅጠል ከሌለው ሞቷል ማለት ነው። ይህን ማንም ያያል» አለች።

መኪናው ውስጥ ሲገቡ ፍቅሬ ቁልፉን ሳያዞር ተቀመጠ። ማራናታ ጠበቀችው። ከዚያ እጁን ወደ ኋላ ወንበር ሰድዶ የታጠፈ ነገር አወጣ፤ ፀሐይ እንዳይገባ መስታወት ላይ የሚዘረጋው ሰንሼድ ነው። ጭኑ ላይ አስቀመጠው።

«ዳዲ፣ ሆት ነው። እንሂድ።»

«ይህን የገዛሁት እዚያ ሆኜ ፀሐይ ስለሚፈጀኝ ነው» አለ። «ዛፍ ሥር ሆኜ።»

ልጅቱ ወዲያው አልገባትም። ሲገባት ሰንሼዱን ከእጁ ልትወስድበት ሞከረች፤ አልለቀቀም።

በዚያው ሳምንት ጋሼ ሰብስቤን ሊያነጋግር ሄደ። ጋሼ ሰብስቤ የስኩል ባስ ሹፌር፣ የቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌና የሕንፃው ኃላፊ ናቸው። በለቅሶው ጊዜ ማታ ማታ ወንበር ሲያጣጥፉ የከረሙ ደግ ሰው ናቸው። አጥሩ ጋ ቆመው ነው የተነጋገሩት።

«የቀሩትም ሞተዋል» አለ ፍቅሬ ወደ ላይ እያሳየ። «ይዩዋቸው። ከአንዱም ላይ ቅጠል የለም።»

ጋሼ ሰብስቤ ቀና ብለው አዩ። «እኔ እኮ ዛፍ አላይም፣ ፍቅሬ» አሉ። «ስመጣ የማየው መብራቱ ይሠራል ወይ፣ ቧንቧው አይፈስም ወይ፣ በሩ ተቆልፏል ወይ ነው። ዛፉ ሞቷል ብሎ የነገረን ሰው የለም።»

«እርስዎን ልወቅስ አልመጣሁም። የሕፃናቱ የሰመር ፕሮግራም ድንኳን የሚተከለው የት ነው?»

«እዚሁ ነው። ሣር ያለው እዚህ ብቻ ነዋ።»

«እንግዲያው ያስቆርጧቸው።»

ጋሼ ሰብስቤ አጥሩን ያዙ። «የኢንሹራንሱ ጉዳይ እስኪያልቅ ምንም እንዳትነኩ ተብለናል። አሁን ብንቆርጥ ጥፋቱን ያመንን ይመስላል ነው የሚሉት የኢንሹራንሱ ጠበቆች።»

«እኔ አልከስም፣ ጋሼ ሰብስቤ። ፈርሜ ልስጥዎት።»

«ባንተ የሚያልቅ ነገር መስሎህ? እኔም ብሆን ምን አቅም አለኝ። ኮሚቴው በሴፕቴምበር ይቀመጣል። እስከዚያ ጌታ ይጠብቃል።»

«ሐምራዊትን ጠበቃት?»

ሽማግሌው እጃቸውን ከአጥሩ ላይ አነሡ። ፍቅሬም ይህን በማለቱ አፍሮ መሬት መሬት አየ። ከዚያ በኋላ ለፓስተሩ ደወለ፣ ለከተማው መሥሪያ ቤት ደወለ። ፓስተሩ ጸለየለት። ከከተማው በኩል ዛፉ የግል ግቢ ውስጥ ስለሆነ ባለቤቱን አነጋግር አሉት። በሥራ ቦታ ፓሌት ሲያነሣ ሁለት ጊዜ መደርደሪያ ገጭቶ ለጥቂት ቀን ዕረፍት ውሰድ ተባለ። ቤት ውሎ በረንዳው ላይ ያለውን ቅርፊት ያያል። ድንኳኑ ሊተከል ሳምንት ሲቀረው መብላት አቆመ ማለት ይቻላል። ማራናታ ሾርባ ሠርታ ታስቀምጥለታለች፤ ስትመለስ እንደነበረ ታገኘዋለች።

እሑድ ልጁን አምጥቶ አወረደና ወደ ጎዳናው ወጥቶ መኪናውን አቆመ። ከዚያ ቅርፊቱን በብብቱ ይዞ በበሩ ገባ። አስተናጋጁ ሰው አውቆት ደነገጠ፤ ከኋላ ወንበር ሰጠው። የምስክርነት ጊዜ ደርሶ መድረክ መሪው «ጌታ ያደረገለትን የሚናገር» ሲል ፍቅሬ ተነሥቶ ወደፊት ሄደ። አዳራሹ «ሃሌሉያ» አለ፤ ብዙዎቹ የሐምራዊት ባል ጌታን ሊቀበል የመጣ መሰላቸው። ከኳየሩ ጋር መድረክ ላይ የቆመችው ማራናታ ብቻ ቅርፊቱን አየች።

ማይኩን ተቀበለ። «ፍቅሬ እባላለሁ። የሐምራዊት ባል ነኝ» አለ። «ውጭ መኪና ውስጥ ነው የምታውቁኝ።»

«አሜን» አለ አንድ ሰው።

«አሜን አትበሉ፣ እባካችሁ። አድምጡኝ።» ቅርፊቱን ከፍ አደረገው። «ይህን የሠራው ጥንዚዛ ነው። እግዚአብሔር አይደለም። ጥንዚዛውም ዛፉን ገድሎ ከሄደ አምስት ዓመት ሆኖታል። ሚስቴን የገደላት እሱም አይደለም። ዛፉ ሞቶ ቆሞ ነበር፤ እኛ ሁላችን በሥሩ እናልፍ ነበር። አምስት ሰመር ሙሉ እዚያ ሥር መኪና አቁሜአለሁ። ፀሐይ እያቃጠለኝ መስታወቱን እሸፍን ነበር። ዛፍ ሥር ቆሜ ፀሐይ ለምን ያገኘኛል ብዬ አንድ ቀን ቀና አላልኩም። አንድ ቀን።»

ኪቦርድ የሚጫወተው ልጅ፣ ሰው ሲያለቅስ እንደሚያደርገው ሁሉ፣ ቀስ ብሎ ዜማ ጀመረ። መድረክ መሪው የፍቅሬን ትከሻ ያዘ።

«ገና አልጨረስኩም። የቀሩትም ሞተዋል። ልጆቻችሁን እዚያ ልታስቀምጡ ነው። ስትወጡ ቀና ብላችሁ እዩ፣ ሌላ ምንም አልላችሁም…»

ኳየሩ መዘመር ጀመረ። ክፋት አልነበረበትም፤ ሐዘን ያናወዘውን ሰው ለመሸፈን ነው። ማይኩን ከእጁ ወሰዱለት፤ ሁለት ወንዶች ክንዱን ይዘው ወደ በሩ ወሰዱት። መዝሙሩ ከፍ እያለ ሲሄድ ከበስተ ኋላው የማራናታን ድምፅ ሰማ። አትዘምርም ነበር። በራሷ ማይክ፣ ፊት ለፊት ለተቀመጡት ልጆች በእንግሊዝኛ ትናገራለች፦ ወደ ኋላ ግቢ ማንም እንዳይሄድ፣ ከዛፎቹ ሥር ማንም እንዳይቆም። ደጋግማ እዚያው ላይ ተመላለሰች።

በዚያ ቀን ሰው ሲወጣ አንዳንዱ ቀና ብሎ አየ። ጀርባ ያቆሙ ሁለት ቤተሰቦች መኪናቸውን አነሡ። እናቶች ለጋሼ ሰብስቤ ደወሉ፤ ድንኳኑም በፊት ለፊት አስፋልቱ ላይ ተተከለ። ልጆቹ በሙቀት ተነጫነጩ። ዛፎቹ ግን አልተቆረጡም።

በኦገስት መጨረሻ፣ ሰው ባልነበረበት ቀን፣ አንዱ ወድቆ አጥሩን ሰበረ። ጠበቆቹ ከዚያ በኋላ ነው የፈቀዱት። ማሽን ይዘው የመጡት ሰዎች በአንድ ቀን ጨረሱ። ማራናታ ልትነግረው ስትመጣ ፍቅሬ ሶፋው ላይ ተኝቶ ነበር። «ቆረጧቸው፣ ዳዲ» አለችው። «እሺ» አለ። ደስ ይለኛል ብሎ ጠብቆ ነበር፤ ምንም አልተሰማውም። የሚይዘው ጠላት ሲፈልግ ከርሞ፣ ያገኘው አንድ ቀን ቀና ብሎ ያላየ ሰው ነው፤ ያም ሰው በየማለዳው ከእሱ ጋር ይነሣል።

አሁን በየመንገዱ ዛፍ ዛፍ ያያል። ፒከሪንግተን ያለ ጓደኛው ቤት ተጠርቶ ሄዶ፣ ሰዎቹ ከቤት ሳይወጡ ግቢያቸውን ዞሮ መጣ።

በኦክቶበር አንድ ቅዳሜ ጋሼ ሰብስቤ መጡ። ስለ ጌታ ምንም አላነሡም። ማራናታ የሰጠቻቸውን ሻይ ሳይቀምሱ ይዘው ዓይናቸውን ጠረጉ። ፍቅሬ እንዲያለቅሱ ተዋቸው።

«አንድ ነገር ልጠይቅዎት» አለ በመጨረሻ። «ኳየሩ ውስጥ የት ጋ ነበር የምትቆመው?»

«ሐምራዊት? ከሁለተኛው ረድፍ፣ ጥግ ላይ። ሙቀት ስለማትችል ቬንቲሌተሩ ጋ።»

«ድምፅዋ ይለያል? ከሌሎቹ?»

ጋሼ ሰብስቤ ሊዋሹለት ፈልገው ነበር፤ ፍቅሬ ፊታቸው ላይ አየው።

«አይለይም» አሉ። «ከሁሉም ጋር ነው የምትዘምረው።»

ፍቅሬ ሻያቸው መቀዝቀዙን አይቶ ብርጭቆውን ተቀበላቸውና ሌላ ሊቀዳላቸው ወደ ወጥ ቤት ገባ። ማራናታ ከክፍሏ ሰማችው፤ ውኃው እየፈሰሰ፣ ብርጭቆውን እያጠበ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ጮክ ብሎ ያለቅሳል። ጋሼ ሰብስቤ ሊነሡ ሲሉ እጃቸውን ያዘቻቸው፤ ሁለቱም እስኪመለስ ተቀምጠው ጠበቁት።